ስም የሌለባቸው ስድሳ ፋይሎች

ሴትዮዋ ወንበሩ ጫፍ ላይ ነው የተቀመጡት። ቦርሳቸውን ጭናቸው ላይ አድርገው በሁለት እጃቸው ጨብጠውታል፤ ነጠላቸው ካንዱ ትከሻቸው ተንሸራቶ የወንበሩ መደገፊያ ላይ ተንጠልጥሏል። ክፍሏ መስኮት የላትም። ሎስ አንጀለስ ከመጣሁ አሥራ አንድ ዓመቴ ነው፤ ስድስቱን ያሳለፍኩት በዚህ ክሊኒክ አማርኛ ተናጋሪዎችን ሳስተናግድ ነው። ፎርም እሞላለሁ፣ ቀጠሮ አስይዛለሁ፣ ሐኪሙ የሚለውን አስተረጉማለሁ። አገር ቤት ሳይኮሎጂ መማሬን የሰሙ ሰዎች ደግሞ ከፎርሙ አልፈው የሆዳቸውን ያወሩኛል። እዚህ አገር የማከም ፈቃድ የለኝም ብል ማን ይሰማኛል?

"እኔን አሞኝ አይደለም የመጣሁት፤ ልጄ ነው" አሉኝ።

"ምን ሆነ እትዬ?"

"እንደዛ ሆነብኝ።"

ዝም ብዬ ጠበቅኩ።

"እንደዛ..." አሉ ደግመው፣ የቀኝ መዳፋቸውን እያገላበጡ። "ለገና መጥቶ ነገረኝ። ሽንኩርት እየከተፍኩ እያለ። እንባዬን በሽንኩርቱ አሳበብኩ።"

ምን እንደነገራቸው ያኔ ገባኝ፤ ወንድ እንደሚያፈቅር ነው። አንድ ሰዓት ያህል አብረን ስንቆይ ቃሉን አንዴም አልጠሩትም። ጸበል አምጥተው እንዳስጠጡት ግን አጫወቱኝ። "አልተቆጣም እኮ! 'እሺ እማዬ' ብሎ ጭልጥ አደረገው። አንጀቴን የበላው እሱ ነው።" ከዚያ ወደ ጠረጴዛዬ ጠጋ ብለው ድምፃቸውን ዝቅ አደረጉ።

"በሽታ ነው አይደል? አንቺ ተምረሽዋል። በሽታ ነው በይኝ። በሽታ ከሆነ መድኃኒት አያጣም።"

(ማንም እንዳይለያቸው የቀየርኩት ነገር አለ፤ እዚህ ከጻፍኩት በላይም ስለ ልጃቸው አልናገርም።)

ያን ቀን ማታ እንቅልፍ እምቢ አለኝ። የከነከነኝ ልመናቸው ነው። ወላጅ ሁሉ ልጄ በሽተኛ እንዳይባል ብሎ ሲለምን ነው የማውቀው። እሳቸው ግን ከቀረቡላቸው ሦስት ስሞች የተሻለውን መርጠው ነው የመጡት። ኃጢአት ከተባለ ከእግዚአብሔር ያጣላል። ወንጀል ከተባለ አገር ቤት ያሳስራል። በሽታ ከተባለ ግን የማንም ጥፋት አይሆንም፤ ለበሽተኛ ይታዘናል፣ አጥሚት ይሠራለታል።

ይህንን ስሌት ከእሳቸው በፊት ሐኪሞችም አስልተውታል። በ19ኛው መቶ ዘመን ጉዳዩን ከዳኛና ከቄስ እጅ ወደ ሕክምና ክፍል ሲወስዱት ለብዙዎቹ ነገሩ ምሕረት ነበር። ምሕረቱ ግን ውሎ አድሮ የኤሌክትሪክ ንዝረትን፣ ማስመለሻ መርፌን፣ አልፎ አልፎም የአንጎል ቀዶ ጥገናን አስከተለ። የአሜሪካ የሥነ አእምሮ ሐኪሞች ማኅበር የመጀመሪያውን የአእምሮ ሕመሞች መዝገብ በ1952 ሲያሳትም ጉዳዩን ከኅብረተሰብ ጋር መስማማት በማይችል ስብእና ሥር አስገባው። (ዓመቶቹን በፈረንጅ አቆጣጠር ነው የምጽፈው፤ ወደ እኛው ስመለስ እናገራለሁ።)

ፍሮይድ በ1935 ለአንዲት አሜሪካዊት እናት የጻፈው ደብዳቤ አለ። ሴትዮዋ ስለ ልጇ ጽፋለት መልስ እየሰጣት ነው። ገና ሲጀምር ምን አላት መሰላችሁ፤ ደብዳቤሽን ሳነበው ልጅሽ ምን እንደሆነ ተረዳሁ፣ የገረመኝ ግን አንቺ ራስሽ ቃሉን አለመጥራትሽ ነው፣ ለምን ሸሸሽው? ይላታል። ቀጥሎም የሚያሳፍር ነገር እንዳልሆነ፣ እንደ በሽታም ሊመደብ እንደማይችል ይነግራታል። የክሊኒኳን እናት ሳስብ ያ ደብዳቤ ትዝ ይለኛል። ሰማንያ ምናምን ዓመት አልፎ፣ ቋንቋው ተቀይሮ፣ ያው "እንደዛ ሆነብኝ"።

በነገራችን ላይ እሳቸው ቢጠሩትስ በየትኛው ቃል ይጠሩት ነበር? በአማርኛ በሕግም በጋዜጣም የምናውቀው ቃል "ግብረ ሰዶም" ነው፣ የሰዶም ሥራ ማለት። ከተማዋ በእሳት ከነደደች በኋላ የመጣ ስም ስለሆነ ፍርዱን ይዞት ነው የሚመጣው። ከእሱ ውጪ ያለው ወይ የመንደር ስድብ ነው፣ ወይ "የተመሳሳይ ፆታ አፍቃሪ" የሚል የሪፖርት አማርኛ። እናት ስለ ልጇ የምትናገርበት ቃል በመካከላቸው የለም።

በማግስቱ ምን እንደምላቸው ሳወጣ ሳወርድ ትዝ ያለኝ የተማርኩበት ዩኒቨርሲቲ ነው። ስሙን ተዉት። ሦስተኛ ዓመት ላይ "አብኖርማል ሳይኮሎጂ" የሚባል ኮርስ ነበረን፤ የሚነበበው መጽሐፍ አንድ ብቻ ስለነበር ፎቶ ኮፒው ከኮፒ እየተኮፐየ ፊደሉ ጉንዳን መስሎ ነው እኛ ጋ የደረሰው። ገጹ ጠርዝ ላይ ከእኛ በፊት የነበረ ተማሪ ያሰመረው መስመር እንኳ አብሮ ተኮፕቷል። እዚያ ውስጥ ጉዳዩ ከሕፃናት ደፋሪ ጋር በአንድ ንዑስ ርዕስ ሥር ተቀምጦ ነበር። መምህራችን ሁለት ደቂቃ ሳይቆዩበት አለፉት። መጽሐፉ የ1960ዎቹ እትም መሆኑን፣ ይህ ምዕራፍ እኛ ከመወለዳችን በፊት መሰረዙን የነገረን የለም።

ግቢ ውስጥ ደግሞ አንድ ልጅ ነበር። ዶርም ውስጥ ራሱ ቡና ቆልቶ፣ ራሱ አፍልቶ፣ ስኒውን እየዞረ የሚያድል። ድምፁ ለስላሳ ነው። ሲስቅ አፉን በእጁ ይሸፍናል። በቃ፣ ወሬው ከዚያ ጀመረ። አረማመዱን እያየን ምልክት ቆጠርን፤ ካልሲው እንኳ ምልክት ሆነ። "እኛ" እያልኩ ነው፤ እኔም ስቄአለሁ። ልጁ በሁለተኛው ሴሚስተር አልተመለሰም። ከዓመታት በኋላ ሐዋሳ ሚስትና ሦስት ልጆች እንዳሉት ሰማሁ። የቆጠርናቸው ምልክቶች ሁሉ የምን ምልክት እንደነበሩ እስከ ዛሬ አልገባኝም።

አሜሪካዊቷን ሳይኮሎጂስት ኤቭሊን ሁከርን ያገኘኋት እዚህ አገር መጥቼ፣ ለፈቃድ ፈተና ልዘጋጅ ብዬ ሳነብ ነው። (ፈተናውን እስካሁን አልወሰድኩትም፤ ሌላ ጽሑፍ ይወጣዋል።) በ1907 ኔብራስካ ውስጥ ኖርዝ ፕላት በምትባል ከተማ ተወለደች፤ ከዘጠኝ ልጆች ስድስተኛዋ ናት፣ ያደገችውም በኮሎራዶ ገጠር ነው። እናቷ ከሦስተኛ ክፍል ያላለፈች ሴት ነበረች፤ ተማሪ፣ ትምህርትን ማንም አይቀማሽም ትላት ነበር። ይህንን ምክር ያልሰማ የእኛ አገር ልጅ አለ? ተማረች፤ በ1932 ጆንስ ሆፕኪንስ ዩኒቨርሲቲ ዶክትሬቷን ሰጣት። ከዚያ በፊት ግን ዬል ዩኒቨርሲቲ ልግባ ብላ የድጋፍ ደብዳቤ ስትጠይቅ የትምህርት ክፍሉ ኃላፊ ለሴት አልጽፍም ብሏት ነበር። ቲቢ ይዟት ሁለት ዓመት ተኛች። በ1937 በርሊን ሄዳ ስትማር ያረፈችው አንድ አይሁድ ቤተሰብ ዘንድ ነበር፤ ሒትለር ሲያልፍ በሰፊው መንገድ ላይ የሚጮኸውን ሕዝብ አይታለች። ያ ቤተሰብ በኋላ በናዚዎች ካምፖች አለቀ።

ብዙ ጸሐፊ ይህን እንደ መግቢያ ነክቶት ያልፋል። እኔ ግን ሴትየዋ ሌላው ሰው ያላየውን ያየችው እዚህ ጋ ይመስለኛል። አንድ አገር ሙሉ ተማሪና ፕሮፌሰር ተሰልፎ ስለ ጎረቤቱ የተሳሳተ ነገር በእርግጠኝነት ሊናገር እንደሚችል በዓይኗ አይታለች።

ሎስ አንጀለስ መጥታ ዩሲኤልኤ በሚባለው ዩኒቨርሲቲ የማታ ክፍል ታስተምር ጀመር። በ1944 አካባቢ ሳሚ ፍሮም የሚባል ተማሪ ነበራት፤ ጎበዝ፣ ጠያቂ። ከክፍል በኋላ እየቆየ ያወራታል፤ በመኪናዋ ትሸኘዋለች። ቤቱ ጋብዟት ከባለቤቷ ጋር ሄደች። አብሮት የሚኖረውን ጆርጅን "የአጎቴ ልጅ ነው" ብሎ ነው ያስተዋወቃቸው። እዚህ ላይ ሳነብ ሳቅሁ። ይህችን "የአጎቴ ልጅ" እኛም እናውቃታለን። ወዳጅነቱ ሲጠና እውነቱን ነገራት፣ ጓደኞቹንም አስተዋወቃት። ከነሱ ጋር ምግብ በላች፣ ጨፈረች። አንድ ጊዜ ሳን ፍራንሲስኮ አብረው ሄደው የምሽት ትርዒት አይተው ሲመለሱ ሳሚ ወደ ጉዳዩ ገባ፦ እንዳለን አሳይተንሻል፤ አሁን እንደኛ ያለውን ሰው ማጥናት ሳይንሳዊ ግዴታሽ ነው አላት።

አልችልም አለች። ጓደኞቼ ናችሁ፤ ጓደኛ ተጠንቶ እንዴት ሳይንስ ይሆናል? እሱ ደግሞ፣ ጓደኛ ካልፈለግሽ የፈለግሽውን ያህል ሰው እናመጣልሻለን አላት። ነገሩን ቢሮ ለሚጋራት ብሩኖ ክሎፕፈር አማከረችው። ክሎፕፈር ከጀርመን የተሰደደ፣ በቀለም ጠብታ ፈተና (ምን እንደሆነ ኋላ አስረዳለሁ) በዘመኑ አሉ ከሚባሉት ግንባር ቀደሙ ነበር። ሰምቷት ከወንበሩ ዘሎ ተነሣ፤ የግድ መሥራት አለብሽ፣ እኛ የምናውቀው ታመው ወደኛ የሚመጡትን ብቻ ነው፣ ስለ ቀሪው የምናውቀው ነገር የለም አላት።

እስከዚያ ድረስ ስለነዚህ ሰዎች የተጻፈው ሁሉ ከየት እንደመጣ አስቡት። ከሆስፒታል፣ ከእስር ቤት፣ ከሠራዊቱ የቅጣት መዝገብ። አማኑኤል ሆስፒታል የተኙትን ወንዶች ብቻ አይቶ "የአዲስ አበባ ወንድ እንዲህ ነው" ብሎ መጽሐፍ እንደ መጻፍ ነው። ማንም ይስቅበታል። በዚህ ጉዳይ ላይ ግን አንድም ሰው አልሳቀም፤ ይልቁንም በዚያ መጽሐፍ ሰው ይታከም፣ ከሥራ ይባረር ነበር። በ1953 ፕሬዚዳንት አይዘንሃወር ያወጡት ትእዛዝ እንዲህ ያሉ ሰዎችን ከፌዴራል መሥሪያ ቤት አስወጣ። ድርጊቱ በወቅቱ በሁሉም የአሜሪካ ግዛቶች ወንጀል ነበር።

በዚያው ዓመት ነው ሁከር ለብሔራዊ የአእምሮ ጤና ኢንስቲትዩት የምርምር ገንዘብ ስጡኝ ብላ ያመለከተችው። የድጋፍ ክፍሉ ኃላፊ ጆን ኤበርሃርት ይህች እብድ ሴትዮ ማን ናት ብሎ ይመስላል፣ በአውሮፕላን መጥቶ ቀኑን ሙሉ አነጋገራት። እንፈቅድልሽ ይሆናል አላት፤ ነገር ግን ሁሉም ሰው እየተመረመረ ነው፣ ገንዘቡ ሳይደርስሽ ከቀረም ምክንያቱን አንቺም አታውቂም፣ እኛም አናውቅም። ገንዘቡ ደረሳት።

ጥናቱ የተካሄደው ዩኒቨርሲቲው ግቢ ውስጥ አይደለም። ማን ደፍሮ ይመጣል? ከሁለተኛ ባለቤቷ ከኤድዋርድ ሁከር ጋር የምትኖረው ሳልቴር አቬኑ ላይ ነበር፤ ግቢዋ ውስጥ ከዋናው ቤት ራቅ ያለች የሥራ ክፍል ነበረቻት። ወንዶቹ እዚያ መጥተው ይፈተናሉ፣ ይሄዳሉ። ማታሺን ሶሳይቲ የተባለው፣ በ1950 እዚሁ ከተማ የተመሠረተው ማኅበር ፈቃደኞችን አገኘላት። ያስቸገሯት ሌሎቹ ናቸው! ሴት አፍቃሪ ነኝ የሚለው ወንድ "ለእንዲህ ያለ ጥናት ማወዳደሪያ ልትሆነኝ ትችላለህ?" ሲባል ይደነብራል። ስለ እሳት አደጋ ሊያስረዳ በሯን ያንኳኳ የእሳት አደጋ ሠራተኛ ሳይቀር ለምናለች። ባለቤቷ ሳልቴር አቬኑ ላይ ለወንድ ደኅንነት ጠፋ እያለ ይቀልድባት ነበር።

አንድ እሑድ ከቅዳሴ በኋላ እዚያ ጎዳና ሄድኩ። ከፌርፋክሱ የኢትዮጵያ ሰፈራችን ሩቅ አይደለም፤ ትራፊክ ከሌለ ማለቴ ነው፣ የሌለበትን ቀን ግን አላውቅም። ሳን ቪሴንቴ መንገድ መሐል ላይ የተደረደሩትን ቀይ አበባ ዛፎች ሳይ ኮርች መሰሉኝ። አጣራሁ፤ እውነትም የኮርች ዘመድ ናቸው። ሳልቴር ላይ መኪናዬን አቁሜ ቤቱ የትኛው እንደሆነ ሳላውቅ ትንሽ ተቀመጥኩ። ነጠላዬን አልፈታሁም። አንድ ሰውዬ ውሻውን እየጎተተ ሲያልፍ ሰላም አለኝ።

ፈተናውን ላስረዳ፤ የነገሩ ሁሉ ልብ እሱ ነው። 30 ወንድ የሚያፈቅሩ ወንዶች፣ 30 ሴት የሚያፈቅሩ ወንዶች። በዕድሜ፣ በትምህርት ደረጃ፣ በአእምሮ ፈተና ውጤት ጥንድ ጥንድ ተደረጉ። ለሁሉም ሦስት ፈተና ተሰጣቸው። አንዱ ሮርሻክ ነው፤ ወረቀት ላይ የፈሰሰ የቀለም ጠብታ ታይቶ ምን ይታይሃል ይባላል። ሁለተኛው ሥዕል አይቶ ታሪክ መናገር ነው። ሦስተኛው የተቆራረጡ የሰው ምስሎችን መድረክ ላይ አስቀምጦ ታሪክ መፍጠር ነው። ከዚያ ሁከር ማንነትን የሚጠቁም ነገር ሁሉ አውጥታ ፋይሎቹን ለዳኞች ሰጠች። ዳኞቹ የሠፈር ሰዎች አይደሉም። ሮርሻኩን ያ ክሎፕፈር ራሱ እና ሞርቲመር ሜየር አዩት፤ ሌሎቹን ሁለቱን ደግሞ ሦስተኛውን ፈተና የፈጠረው ኤድዊን ሽናይድማን አያቸው።

መጀመሪያ የእያንዳንዱን ሰው የአእምሮ ጤንነት በአምስት ደረጃ እንዲመዝኑ ተጠየቁ። ከሁለቱም ወገን ሁለት ሦስተኛ ያህሉ መካከለኛና ከዚያ በላይ አገኙ። ቀጥሎ ጥንዶቹ ፊት ለፊት ቀረቡላቸው፦ ከሁለቱ ወንድ አፍቃሪው የቱ ነው? ሳንቲም ወርውረው ቢመልሱ ከሚያገኙት የተሻለ አላገኙም። ከዳኞቹ አንዱ ውጤቱን አላምን ብሎ እንደገና ልየው አለ። እንደገና አየ። ያው ሆነ።

ያን ያህል ዓመት ከቀለም ጠብታ ውስጥ "ምልክቱን" ሲያነቡ የኖሩ ሰዎች ናቸው እንግዲህ። ማን ማን እንደሆነ ሳይነገራቸው ሲቀር ምልክቱ ጠፋ።

ሁከር ውጤቱን በ1956 ቺካጎ ላይ ለአሜሪካ ሳይኮሎጂስቶች ማኅበር ጉባኤ አቀረበች፤ በ1957 ታተመ። ሳሚ ፍሮም የታተመውን አላየም፤ ቀደም ብሎ በመኪና አደጋ ሞተ። ባለቤቷም በ1957 መጀመሪያ በልብ ድካም አረፈ። እኔም ከዚህ በላይ አልጨምርበትም።

አሁን ሙግቱ ይምጣ፤ እኔም ያነሣሁት ሙግት ስለሆነ። ሰዎቹ በዕጣ የተመረጡ አይደሉም፣ በፈቃድ የመጡ ናቸው። 60 ሰው ትንሽ ነው። ሴቶች የሉበትም። ከሁሉ የከፋው ደግሞ የቀለም ጠብታ ፈተና ዛሬ ያኔ የነበረው ክብር የለውም። ታዲያ በወላለቀ ሚዛን የተመዘነ ምን ዋጋ አለው? መጀመሪያ ሳነብ ይህ ጥያቄ አስቁሞኝ ነበር። እያደር ሳየው ግን ሙግቱ ለእሷ ይሠራል። ሚዛኑ ጥሩ ነው ካልን ልዩነት አላገኘም። ሚዛኑ መጥፎ ነው ካልን፣ በሽታ ነው የሚለው ፍርድ በዚሁ ሚዛን ነበር ሲፈረድ የኖረው። በየትኛውም በኩል ቢዞሩ ሐኪሞቹ እናየዋለን ያሉትን አላዩትም።

ከዚህ በላይ የገረመኝ በ1969 ሎረን እና ጂን ቻፕማን የተባሉ ባልና ሚስት ተመራማሪዎች ያወጡት ሥራ ነው። 32 ባለሙያዎችን ከቀለም ጠብታው ላይ ምን ምን ስታዩ ነው ይህ ሰው ወንድ አፍቃሪ ነው የምትሉት ብለው ጠየቁ። መቀመጫ ያየ፣ የሴት ልብስ ያየ፣ ወንድ ይሁን ሴት የማይለይ ምስል ያየ አሉ። እነዚህ ምልክቶች እንደማይሠሩ ከዚያ በፊት በጥናት ታውቋል። የተሻለ ውጤት የነበራቸውን ሁለት ምልክቶች ግን አልጠቀሷቸውም፤ "አይመስሉማ"! ከዚያ ምንም ለማያውቁ ተማሪዎች መልሶቹንና ሰዎቹን በዘፈቀደ አጋጥመው ሰጧቸው። ተማሪዎቹም በሌለበት ያንኑ ግንኙነት "አገኙት"፤ ያንኑ መቀመጫና ያንኑ የሴት ልብስ።

ያንን ሳነብ ያ ቡና የሚያፈላው ልጅ ፊቴ ድቅን አለ።

ለውጡ ፈጥኖ አልመጣም። በ1967 ያ ብሔራዊ የአእምሮ ጤና ኢንስቲትዩት አንድ ግብረ ኃይል አቋቁሞ ሁከርን ሰብሳቢ አደረጋት፤ በ1969 ያቀረቡት ሪፖርት በሕግ መቅጣቱ ይቅር የሚል ነበር፣ መንግሥት ግን ማሳተሙን አዘገየው። በ1972 ዳላስ ውስጥ፣ በሥነ አእምሮ ሐኪሞቹ ጉባኤ ላይ ጭንብል ያጠለቀ፣ ዊግ ያደረገ፣ ድምፁ በማሽን የተቀየረ ሰው መድረክ ላይ ወጣ። እኔ ሳይካትሪስት ነኝ፣ እንደዚያም ነኝ አለ። ጆን ፍራየር መሆኑን ከዓመታት በኋላ ነው በይፋ የተናገረው። በ1973 ታኅሣሥ 15 የማኅበሩ ቦርድ በሽታነቱን ሰረዘ።

እዚህ ላይ ሁልጊዜ አንድ ሰው ይነሣና "በሽታ በድምፅ ብልጫ ይፈወሳል እንዴ?" ይለኛል። ጥያቄው ጥሩ ነው፤ ድምፅ ይሰጥ ያለው ማን እንደነበር ግን ይረሳል። በ1974 አባላቱ ሁሉ ድምፅ ይስጡበት ብለው ፊርማ ያሰባሰቡት መሰረዙን የተቃወሙት ሐኪሞች ናቸው፤ 58 በመቶው ቦርዱን ደገፈና ተሸነፉ። የዓለም ጤና ድርጅት ደግሞ በ1990 ግንቦት 17 ከራሱ መዝገብ አወጣው።

ወደ እኛው ስመለስ፣ የሁከር ጥናት የታተመበት 1957 በእኛ አቆጣጠር 1949 ነው። ሕግ የተማረ ሰው ይህን ዓመት ሲሰማ ወዲያው የሚመጣለት ነገር አለ። የ1949ኙ የወንጀለኛ መቅጫ ሕግ የታወጀው ያኔ ነው፤ ረቂቁን ያዘጋጁት ዣን ግራቨን የተባሉ የስዊዘርላንድ ሰው ናቸው። አንቀጽ 600 በተመሳሳይ ፆታ መካከል የሚደረግን ግንኙነት በእስራት ይቀጣ ነበር። በ1996ቱ የወንጀል ሕግ ቁጥሩ ተቀየረና 629 ሆነ፤ ቅጣቱ ቀጠለ። ሎስ አንጀለስ ላይ 60 ፋይል በታተመበት ዓመት አዲስ አበባ ላይ አንቀጽ ተጻፈ። ሁለቱ አይተዋወቁም። የእኛን ሕግ የነካው ሳይኮሎጂስት የለም፣ ሊነካውም የሚችል አይመስለኝም፤ የሕግ አውጪው ክርክር የበሽታ ክርክር አይደለምና። የቄሱም አይደለም። እኔ ራሴ እሑድ እሑድ ነጠላዬን ለብሼ የምቆም ሰው ነኝ፤ ከቅዳሴ መልስ ስለዚህ ጉዳይ የሚነገረውን እሰማለሁ። ሁከር ከሦስቱ ስሞች አንዱን ብቻ ነው የወሰደችው። ለክሊኒኳ እናት የወሰደችባቸው ደግሞ እሳቸው የያዙትን ነው፤ መድኃኒት ያለውን።

ለዚህ ነው መልሴን ለመንገር የፈራሁት።

ሴትዮዋ በሁለተኛው ሳምንት ተመለሱ። "በሽታ አይደለም እትዬ" አልኳቸው። የሚያድን ክኒን እንደሌለ፣ እንቀይረዋለን የሚሉ ሰዎች እንዳሉ፣ እዚህ ካሊፎርኒያ ፈቃድ ያለው ባለሙያ ዕድሜው 18 ያልሞላን ልጅ በዚህ መንገድ እንዳያክም በ2012 የወጣ ሕግ እንዳለ ነገርኳቸው። ልጃቸው ትልቅ ሰው ስለሆነ ሕጉ እሱን እንደማይመለከት ገባኝ፤ ግን የጀመርኩትን ጨረስኩ። ከዚያ ሌላ የምለው ሲጠፋኝ የሁከርን ታሪክ አወራኋቸው። ልክ እንደ ተረት። አንዲት ሴትዮ ነበረች አልኩ።

እሳት አደጋው ሠራተኛ ጋ ስደርስ ከት ብለው ሳቁ፣ ወዲያው አፋቸውን ያዙ። ዳኞቹ ያቃታቸው ላይ ስደርስ ግን ዝም አሉ። ነጠላቸውን አስተካከሉ።

"እናታቸውን ጠየቀቻቸው?" አሉኝ።

"የማንን እናት?"

"የወንዶቹን። ሐኪም ምን ያውቃል? እናታቸውን ብትጠይቅ..." ቆም አሉ። "ኧረ እኔስ ምን አውቄ? በስልክ ድምፁን ሰምቼ የበላና ያልበላ መሆኑን የማውቅ እናት ነኝ። ሲዋሽ በአተነፋፈሱ ነው የምይዘው። ይሄን ግን ሃያ አራት ዓመት አላየሁትም።"

መሐረብ አቀበልኳቸው፤ አልፈለጉትም፣ ቦርሳቸው ውስጥ ከተቱት።

"ከዚያ ወዲህ ደውለውለታል?"

"ምን ልበለው ብዬ?"

"ሁልጊዜ ሲደውሉ ምን ይሉታል?"

"ምን እላለሁ... 'በላህ ወይ?' ነው የምለው።"

"እሱን ይበሉት።"

ስልካቸውን ከቦርሳው አወጡ። መነጽራቸውን ፈልገው አጡት፤ ግንባራቸው ላይ ነበር። ቁጥሩን እኔ እንድደውልላቸው ስልኩን ወደኔ ገፉት፣ መልሰው ደግሞ ሳቡት። "እዚያ አሁን ስንት ሰዓት ነው?" አሉኝ። ነገርኳቸው። ምሳ ሰዓት ነው አሉ ለራሳቸው፣ ከክፍሉ ወጥተው በሩን ከኋላቸው ዘጉት።